ሞተሩ በእግሩ ስለ መጣበት አውጫጭኝ ለሊቀ መንበራችን የቀረበ ምስጋና

ግንቦት 9 ቀን፣ ዝግባ ሜዳ

ለክቡር አቶ ደመላሽ፣
የዝግባ ሜዳ ቀበሌ ሊቀ መንበር፣ የመስኖ ማኅበራችን የበላይ ጠባቂ፣ የአውጫጭኝ ሰብሳቢ፣
ባሉበት

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ ለእርስዎ፣ ለባለቤትዎና ለልጆችዎ ሙሉ ጤና እመኛለሁ። ወገብዎን ያጽናልኝ፣ ጉልበትዎን ያበርታልኝ፤ ከፊትዎ ላለው ነገር ሁለቱም ያስፈልጉዎታል። እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ። ባለቤቴ ባዘዘውም በእርስዎ መልካም ፈቃድ ደብረ ማርቆስ እስር ቤት ከገባ ስድስት ወር ቢሆነውም፣ ሳል ከመጀመሩ በቀር ደህና ነው።

ይህን ደብዳቤ በፖስታ አሽጌ ያልሰጠሁዎት በንቀት እንዳይመስልብኝ። በየካቲት፣ በመጋቢትና በሚያዝያ ያስገባኋቸው ሦስት ማመልከቻዎች ከጠረጴዛዎ መሳቢያ ገብተው በዚያው ስለ ቀሩ፣ አራተኛውን ከቀበሌው ማስታወቂያ ሰሌዳና ከወፍጮ ቤቱ በር ላይ እለጥፈዋለሁ። ማንበብ የማይችል ሰው እንዳይቀርበትም ተራ የሚጠብቁት ሴቶች ጮክ ብለው ያነቡለታል። ምስጋናዬን በተራ ቁጥር አቀርባለሁ።

1ኛ. ባለፈው ኅዳር 12 ቀን፣ አገሩ በሙሉ ለሚካኤል ንግሥ ወጥቶ ሳለ የመስኖ ማኅበሩ የውኃ ሞተር ከወንዙ ዳር ሲጠፋ፣ ሳይውሉ ሳያድሩ አውጫጭኝ ስለ ጠሩልን አመሰግናለሁ። አባቶቻችን ያቆዩልንን ወግ ሳይሸራርፉ፣ ሌባው እስኪታወቅ ድረስ ማንም ከሜዳው ንቅንቅ እንዳይል ዙሪያውን ሚሊሻ አቁመው፣ አራስና ሽማግሌ ሳይለዩ ሁለት ቀን ሙሉ ፀሐይ ላይ አስቀመጡን። እርስዎ ጃንጥላ ተዘርግቶልዎት ወንበር ላይ ነበሩ፤ የሰብሳቢ ድካም ከባድ መሆኑን እንረዳለን። በወጉ መሠረት ሌባውን ያየ ሰው ስሙ ሳይገለጥ፣ “ወፍ” ተብሎ፣ ለተመረጡት ሽማግሌዎች በስውር ይናገራል። የዚያን ቀኗ ወፍ ግን ሽማግሌዎቹን ሁሉ ዘላ ከእርስዎ ጆሮ ላይ ብቻ አረፈችና የባዘዘውን ስም ነገረችዎ። ሞተሩን የሚያስነሳውም የሚጠብቀውም እሱ ስለ ነበር ለማመን አላስቸገረም። ባዘዘው ከዚያ በፊት በነበረው ስብሰባ ላይ ተነሥቶ፣ የሊቀ መንበሩ ማሳ ለምን ሁለት የውኃ ተራ ያገኛል ብሎ መጠየቁን ወፏ ሰምታ እንደ ነበር ግን እስካሁን አልነገሩንም።

2ኛ. ሞተሩም ባለቤቴም ስለ ሌሉ ሽንኩርቴ በቆመበት ደረቀ። አንድ ቀን በበቅሎ ሲያልፉ ቆም ብለው አይዞሽ ስላሉኝ ከልብ አመሰግናለሁ። አንጀቴ አርሮ ስለ ነበር መልስ አልሰጠሁዎትም፤ መልሱ ይኸው።

3ኛ. ከሚያዝያው በረዶ በኋላ የሆነውን ለማያውቅ አንባቢ ባጭሩ ላስረዳ። በረዶው አባርቶ ፀሐይ ብቅ እንዳለች በቀበሌያችን ያለ ዕቃ ሁሉ ነፍስ ዘራ። አይናገርም፣ አይበላም፤ ተነሥቶ ይሄዳል እንጂ። ከግድግዳ ተደግፎ የከረመ ሞፈር ብቻውን ወደ ማሳ ወረደ። በሰንበት ግን ቢገፉትም አልነሣም አለ። እኔ ራሴ ከሦስት ዓመት በፊት ከጎረቤቴ ተውሼ የረሳሁት ወንፊት፣ እንግዳ ተቀምጦ ሳለ ከተሰቀለበት ወርዶ እየተንከባለለ ወደ ባለቤቱ ሲሄድ፣ አፍሬ መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ ወደድሁ። ነገሩ የገባን ያን ጊዜ ነው፤ ዕቃ ሁሉ የሚሄደው ወደሚገባው ቦታና ወደሚገባው ሰው ነው።

ለእርስዎ ግን ከሁላችንም ቀድሞ ሳይገባዎት አልቀረም። የሰው ወንፊትና የሰው ድጅኖ በየመንገዱ ወደ ባለቤቱ ሲመለስ ባዩ በማግሥቱ፣ በቀበሌው ዕቃ የሚያስነሣ መተተኛ ገብቷልና ተይዞ ይታሰር ብለው ሁለተኛ አውጫጭኝ ጠሩ። ማስታወቂያውን በገዛ እጅዎ መጻፍዎን ሁላችንም እናውቃለን፤ ማንም እንዳይቀር፣ ጥፋተኛው ሳይታወቅም ማንም ከሜዳው እንዳይወጣ ይላል። ክቡር ሆይ፣ ከሹመትዎ ዘመን ሥራ ሁሉ እንደዚህች ማስታወቂያ ለሕዝብ የጠቀመ የለም። ቆርጬ ከቤቴ ግድግዳ ላይ ለጥፌያታለሁ።

4ኛ. ሞተሩ ጥሪዎን አክብሮ ከጠዋቱ አራት ሰዓት ገደማ መጣ። ከእርስዎ ጎተራ ተነሥቶ፣ በብረት እግሮቹ እያነከሰ፣ ቱቦውን ከኋላው እየጎተተ፣ በሚሊሻዎቹ መካከል አልፎ ከወንበርዎ ፊት ቆመ። እግሩ ላይ ሰንሰለት ነበር፤ ሰንሰለቱ ላይም የእርስዎ ቁልፍ። እርስዎ ዓይንዎን በጨው አጥበው፣ ባዘዘው ስሜን ሊያጠፋ ሰርቆ ከጎተራዬ አስሮት ነው ሲሉ እኛ በትሕትና አዳመጥንዎት። ያን ቁልፍ ግን በጥር ወር ከአምበር ገበያ ገዝተው፣ አብሮዎት በአይሱዙው ለተሳፈረው ሁሉ እያሳዩ፣ ይህን የሚሰብር ሌባ ገና አልተወለደም ብለው ነበር። ባዘዘው በጥር ከታሰረ ሁለት ወር አልፎት ነበር። ይህን ገና ተናግረን ሳንጨርስ መክፈቻው ከኮትዎ ኪስ ዘሎ ወጣና፣ መሬት ለመሬት ሄዶ ቁልፉ ውስጥ ገብቶ ዞረ። ሰንሰለቱ ወደቀ። ሴቶቹ እልል አልን፤ ስድስት ወር የተቃጠለው አንጀቴም ያን ቀን ቅቤ ጠጣ።

እርስዎ አስቸኳይ ሥራ አለብኝ ብለው ሲነሡ፣ ሚሊሻዎቹ በራስዎ ትእዛዝ መሠረት መንገድ ዘጉብዎት። ቄስ ገብረ ሚካኤልም ከተመረጡት ሽማግሌዎች አንዱ እንደ መሆናቸው፣ በአውጫጭኝ ወግ ከሜዳው መውጣት ለሰብሳቢም እንዳልተፈቀደ በአክብሮት አስታወሱዎት። ወንበሩ ከሥርዎ ተነሥቶ ቄሱ ዘንድ ሄደ፤ ጃንጥላውም ከመካከላችን ባለች አንዲት አራስ ላይ ተዘረጋ። እርስዎ እኛ የተቀመጥንበት አፈር ላይ ተቀምጠው፣ እኛን የጠበሰችው ፀሐይ እርስዎንም ሁለት ቀን ጠበሰችዎት። ውኃ ያቀበልሁዎት እኔ ነኝ። ምስጋና አይገባኝም፤ ከርኅራኄ አይደለም፣ ራስዎን ስተው እንዳያመልጡን ብዬ ነው።

5ኛ. በሁለተኛው ቀን ሽማግሌዎቹ ሞተሩ ከማን ጎተራ እንደ ወጣና ቁልፉ የማን እንደ ሆነ ዘርዝረው፣ ባዘዘው ንጹሕ መሆኑን መስክረው ቃለ ጉባኤ ጻፉ። ፍርድ ቤት እንዲደርስ የሚያስፈልገው የቀበሌው ማኅተም ብቻ ነው። እርስዎ ግን ግዑዝ ነገር ምስክር አይሆንም ብለው ለወረዳ ጻፉ። ሕግ አዋቂነትዎን አደንቃለሁ፤ ማንም ያላያት ወፍ መስክራ ሰው ታሰረ፣ አገር ሁሉ ያየው ሞተር ግን አይመሰክርም። ማኅተሙ ራሱ ወደ ቃለ ጉባኤው ሊሄድ ስላስቸገረዎትም ከሣጥን ከተው፣ ክዳኑ ላይ ቁጭ ብለዋል። ሲንኳኳ ቢሮዎ በር ላይ ድረስ ይሰማል። ምሳዎ እዚያው እንደሚመጣልዎትና ሰው ሲገባም ለሰላምታ እንደማይነሡ ሰምቻለሁ፤ አያስቀይመንም፣ ምክንያቱን እናውቃለን።

የባዘዘው ቀጠሮ የፊታችን ማክሰኞ ነው። ቃለ ጉባኤው እስከዚያ ካልደረሰለት ሦስት ዓመት ይፈረድበታል ተብያለሁ። ስለዚህ ጥያቄዬ አንድ ብቻ ነው፤ ከሣጥኑ ላይ ይነሡ።

ካልሆነም አይጨነቁ፤ እኔ ጊዜ አለኝ። የማጠጣው ሽንኩርት የለኝም፣ የማበስልለት ባል ቤት የለም፤ እርስዎን ከማሰብ በቀር ሥራ ፈትቻለሁ። አንዳንድ ደግ ሰዎች ለነፍስሽ ብለሽ ይቅር በዪው ይሉኛል። ባዘዘው በሁለት እግሩ ቤቱ ሲገባ፣ እርስዎም እሱ የተኛበት ቦታ ሲተኙ፣ በዚያ መካከል ስለ ይቅርታ አስብበታለሁ። እስከዚያ ድረስ ቂሜን እንደ ዘር እህል ከአይጥ ጠብቄ አስቀምጨዋለሁ። ሌላ እንዲያስቡ አልፈልግም፤ እጅግ ተናድጃለሁ፣ መናደዴም ተስማምቶኛል።

ስለ ጥበቃዎ፣ ስለ ወፍዎ፣ ከሁሉም በላይ በገዛ እጅዎ ስለ ጻፏት ማስታወቂያ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እያመሰገንሁ፣ ክዳኑ እንዳይቆረቁርዎት፣ ቅዱስ ሚካኤልም የንግሡን ቀን ውሎዎን አስታውሶ እንደ ሥራዎ እንዲከፍልዎት እለምናለሁ።

የሁልጊዜ አክባሪዎና ተከታይዎ፣
የብርጓል፣ የባዘዘው ሚስት

ግልባጭ፦
ለመስኖ ማኅበሩ አባላት፣
ለቄስ ገብረ ሚካኤል፣
ለእርስዎ ባለቤት፣ ምሳውን ለሚያመላልሱት

ማስታወሻ፦ ይህን ጽፌ ስሜን እንዳሰፈርሁ ባዘዘው ከእስር ቤቱ ስልክ ደወለልኝ። የዕቃው ነገር ለካ ደብረ ማርቆስም ደርሷል። ስድስት ወር የተኛበት የእስር ቤቱ ሰሌን ትናንት ጠዋት ራሱን ጠቅልሎ ተነሣና፣ ጠባቂዎቹ ቢከለክሉትም በበሩ ሥር ሾልኮ ወጣ። ዛሬ አምበርን ማለፉን ከገበያ የተመለሱ ሰዎች ነገሩኝ። ወደ እኔ እየመጣ መስሎኝ ደጄን ጠርጌ ነበር፤ ግን መንታ መንገዱ ላይ ሲደርስ የኔን ቤት ትቶ በቀበሌው ጽሕፈት ቤት በኩል ታጥፏል አሉ። ባዘዘው ባዶ ወለል ላይ ተኝቶም ድምፁ ከመቼውም የበለጠ ደስ ብሎት ነበር። ርዝመቱን በደንብ ያውቀዋል፤ ለእርስዎ ቁመት ይበቃል ብሏል።