ፍርሃታቸውንም የጻፉላቸው ወንድማችን

ታናሽ ወንድማችን ከልብስ ሰፊው አባታችንና በሆስፒታል አንሶላ ያጥቡ ከነበሩት እናታችን በ1946 ዓ.ም. ተወለዱ። እናታችን «ይሄ ልጅ ዳቦውን ብትነጥቁት እንኳ ‹ለምን?› ይላል እንጂ አያለቅስም» ይሉ ነበር።

በሰፈራችን ትምህርት ቤት ተምረው፣ ከዩኒቨርሲቲ በታሪክ ተመርቀው፣ በ1970 ዓ.ም. በጦር ታሪክ ጥናት ክፍል ተቀጠሩ። ሌሎቹ ስለ አዛዦች ሲጽፉ እሳቸው ከሾፌሩ፣ ከቁስለኛ ተሸካሚውና ከምግብ አብሳዩ ጋር ይቀመጡ ነበር። «ጫማህ ልክህ ነበር? ከጎንህ የሚተኛው ያንኮራፋ ነበር?» ብለው ይጀምራሉ። ወታደሩ ይስቅና፣ ለሚስቱ ያልነገረውን ሁሉ ያወጣላቸዋል። «ሳልጨምር፣ ሳልቀንስ እጽፋለሁ» ብለው ቃል ይገቡላቸው ነበር።

በ1974 ዓ.ም. ነርስ የሆኑትን ባለቤታቸውን አግብተው ሁለት ሴቶች ልጆች ወለዱ። ሚዜያቸው የሥራ ባልደረባቸው ነበሩ፤ ሁለቱን ነጣጥሎ የሚጠራ ሰው አልነበረም። ወንድማችን የዕድሜ ልክ ሥራቸውን ጽፈው ሲጨርሱም፣ የኅትመት ኃላፊ ለሆኑት ለእኚሁ ሚዜያቸው በእጃቸው ሰጡ።

መጽሐፉ ወጣ። ተኩሱ ሲበረታ በድስት ሥር ተደብቄ አለቀስኩ ያሉት ምግብ አብሳይ፣ እዚያ ላይ መትረየስ ነጥቀው ኮረብታ ያስለቅቃሉ። የሁሉም ታሪክ እንዲሁ ተቀባብቷል። የጦር ጓደኞቻቸው ጸጉር ቤት ውስጥ «ጀግናው! በጭልፋ ነው የተኮስከው?» እያሉ ሲስቁባቸው፣ አብሳዩ ከቤት መውጣት ተዉ።

ወንድማችን ሚዜያቸውን ቢጠይቁ «አንተ ደግሞ! የፈሪ ወታደር ታሪክ ማን ገዝቶ ያነባል? እኔ እኮ አከበርኳቸው» አሏቸው። ይታረም ቢሉ ሰሚ አጡ፤ ጭራሽ እንደገና ታተመ። ያን ጊዜ ሥራቸውን ለቀቁ፤ «ስሜ ያለበት ይህ መጽሐፍ ውሸት ነው» ብለውም በጋዜጣ አወጡ።

ከዚያ በየወታደሩ ቤት እየዞሩ ይቅርታ ጠየቁ። አብሳዩ በር ሳይከፍቱ «አንድ ነገር ብቻ ነበር አደራ ያልኩዎት» አሏቸው። ወንድማችን ግን ኩላሊታቸው እየከዳቸውም መመላለሱን አልተዉም። አንድ ቀን በሩ ተከፈተ።

በሕመማቸው ዘመን ባለቤታቸው ከአጠገባቸው አልተለዩም። ሚዜያቸው ደጃቸውን አልረገጡም። ዛሬ በዚህ በመታሰቢያቸው ላይ ንግግር ላድርግ ብለው ልከውብን ነበር፤ አይሆንም ብለናል። መጽሐፉም አሁን ድረስ ይሸጣል። ቤታችሁ ካለ፣ ልጆቼ፣ ቃሉ የወንድማችን እንዳልሆነ እወቁልን።

ባለፈው ማክሰኞ ንጋት ላይ ዐረፉ። ባለቤታቸው፣ ሁለት ልጆቻቸው፣ አንድ የልጅ ልጃቸውና እኔ ታላቅ እህታቸው ቀርተናል።

ይህን ሳዘጋጅ «ወንድሜ ፍርሃት የሚባል አያውቁም ነበር» ብዬ ጽፌ ነበር። ለቅሶ ሊደርሱ የመጡት አብሳይ ሲነበብ ሰምተው «ኧረ እትዬ፣ እርስዎም ጀመሩ? በሬን ስከፍትላቸው እጃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር» አሉኝ።

ሰርዤዋለሁ። እውነተኛው ፈጣሪ ነፍሳቸውን እንዳለች ይቀበልልን።