ስማችን ሊወጣ ሲል ስለሚበራው የአዳራሹ መብራት

ለተከበሩ የሲኒማ አዳራሻችን ሥራ አስኪያጅ፤

ጤናዎ እንደ ወንበርዎ የተደላደለ፣ ዓይንዎም እንደ አምፖልዎ የበራ ይሁን እያልኩ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እነሣለሁ። እኔ አለቃም ስፖንሰርም የሌላቸውን ፊልሞች ሙዚቃ የምደርስ የድምፅ ባለሙያ ነኝ። ደመና ሳይኖር ዝናብ የማዘንበው፣ ፈረስ ሳይኖር የማስጋልበው እኔው ነኝ። ፊደል የቆጠርኩት ዘንድሮ በማታ ትምህርት ቢሆንም ከሀ እስከ ፐ አንዷም አላመለጠችኝም፤ አስተማሪያችንም ጉረኛ እንጂ ሰነፍ አይደለህም ብላ መስክራልኛለች።

አንደኛ፣ ስለ ዓይናችን ስለሚጨነቁልን ምስጋናዬ ይድረስዎ። ታሪኩ አልቆ የሠራተኞቹ ስም ሊወጣ ሲል መብራቱን ቦግ፣ ሸራውን ጭልም ያደርጉታል። ስም ማንበብ እንዲህ እንደሚያደክም ማን ይነግረን ነበር?

ሁለተኛ፣ የአዲሱ ፊልማችን ምርጥ ሙዚቃ የሚጀምረው ስሞቹ ሲወጡ ነው። የልብስ ሰፊ እናቴን የስፌት መኪና ድምፅ ቀርጬ በዋሽንት አጅቤዋለሁ። እርስዎ በምትኩ የወንበር ሲጥሲጥታና የጠራጊዋን መጥረጊያ አሰሙን፤ ጥራቱ እንከን አይወጣለትም።

ሦስተኛው ቅሬታ ሳይሆን ሐፍረት ነው። ሰፈርተኛው እናቴን "ልጅሽ ሲኒማ ቤት ትኬት ይቆርጣል አሉ" እያለ ያበሽቃታል። ባለፈው እሁድ አዲስ ቀሚሷን ለብሳ አብራኝ መጣች፤ እሷ ማንበብ ስለማትችል ስሜን ላነብላት ነበር። ተነሥቼ፣ ጉሮሮዬን ጠርጌ፣ ጣቴን ወደ ሸራው ቀስሬ "እማዬ፣ እዪ!" ስል መብራቱ በራ። ሕዝቡ ያየው የእኔን ጣት ብቻ ነው። አንዱ ከኋላ "ጋሼ፣ መውጫው በዚያ አይደለም!" ቢለኝ አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ።

ሰፈር ስንደርስ ዳቦ ሻጯ ጎረቤታችን ደጃፏ ላይ ጠብቃ "እህሳ፣ ስሙን አየሽው?" አለቻት። ሐሰት ከአፏ ወጥቶ የማያውቀው እናቴ "እንዴታ! ከሁሉም የእሱ ጎልቶ ነው የተጻፈው" አለች። አጠገቧ ቆሜ አንገቴን ደፋሁ፤ እስካሁንም ቀና አላልኩም።

ስለዚህ በመጪው እሁድ እናቴን ይዤ ስመለስ፣ ያንን መብራት የሚያበራ የተባረከ ጣትዎን የመጨረሻው ስም እስኪያልፍ ኪስዎ ውስጥ እንዲያሳርፉልኝ እለምናለሁ። የእናቴን ውሸት እውነት ያድርጉልኝ። "ጎልቶ" ያለችውን ለእኔ ይተዉት፤ ጮክ ብዬ አነበዋለሁ።

በመብራትዎ ፊት ጣቱን ቀስሮ የቀረው፣ ውለታዎን የማይረሳው፣
የልብስ ሰፊዋ ልጅ

ተጨማሪ፦ ፊደል ከቆጠርኩ ወዲህ መጀመሪያ ያነበብኩት የሰው ስም ቢሮዎ በር ላይ በነሐስ የተቀረጸውን የእርስዎን ነው። ከሥሩ "ሳያንኳኩ አይግቡ" ይላል። የእኛም ስም በር ቢኖረው ኖሮ፣ ሳይዘጉብን በፊት ያንኳኩልን ነበር።