ሁለት ጊዜ የተለቀሰላቸው የአቶ ሰጠኝ አድማሴ የሕይወት ታሪክ

አቶ ሰጠኝ አድማሴ ከአባታቸው ከአቶ አድማሴ ወልደ ዮሐንስና ከእናታቸው ከወይዘሮ ትርንጎ ወልደ ገብርኤል በጭልጋ፣ ከአይከል ወጣ ብሎ ባለ መንደር፣ በጥቅምት 1916 ዓ.ም. ጉሙ ገና ሳይገለጥ በማለዳ ተወለዱ። ከወላጆቻቸው ስድስት ልጆች መካከል ለማደግ የበቁት እርሳቸው ብቻ ናቸው።

በቄስ ትምህርት ቤት ዳዊት ከደገሙ በኋላ፣ ጠላት ከአገር በወጣ ማግስት በ1934 ዓ.ም. ጎንደር ገብተው በሲኒማ ቤት ቲኬት ቆራጭ ሆኑ። በሩን ዘግተው ከመጋረጃው ጥግ ቆመው ይመለከቱ ነበር። ያዩትን ሁሉ በማግስቱ እያነከሱ፣ ባርኔጣ እያወለቁ ያሳዩ ስለነበር ጎረቤቱ ሁሉ ያለ ቲኬት ሲኒማ ያያል። በ1943 ዓ.ም. ወይዘሮ ሸዋገነት ሸጋዬን አግብተው ሦስት ልጆች አፈሩ።

በ1947 ዓ.ም. አንድ የአሜሪካ የፊልም ኩባንያ በጎንደር ነገሥታት ግንብ ግቢ ሥራ ሲጀምር፣ አካሄዳቸውን የወደደ አዘጋጅ ለንጉሥ ዘበኛነት መረጣቸው። ሥራቸው በጦር ተወግቶ ከደረጃው መንከባለልና መሞት ነበር። ሦስት ቀን ሙሉ ሲሞቱ ሰነበቱ፤ በሦስተኛው ቀን ፈረንጆቹ አጨበጨቡላቸው። ከዚያ የሚበልጥ ደስታ እንዳላዩ ለሚስታቸው እንኳ አልደበቁም።

በጥር 1949 ዓ.ም. ለሁለተኛ ፊልም አሥመራ ሳሉ የመጀመሪያው ጎንደር ደረሰ። እናታቸው ለጥምቀት መጥተው ነበርና፣ የሲኒማ ቤቱ ባልደረቦች ሊያስደስቷቸው ብለው ከፊት ወንበር አስቀመጧቸው። ወይዘሮ ትርንጎ ፊልም አይተው አያውቁም። ልጃቸው ተወግተው ሲወድቁ ነጠላቸውን አዘቅዝቀው ኡኡ አሉ። መብራት በርቶ ጨዋታ መሆኑ ቢነገራቸው፣ ምራታቸውም «አሥመራ ነው» ቢሏቸው፣ እንደ ወጉ መርዶውን የሚሸሽጓቸው መሰላቸው። አይከል ተመልሰው ለቅሶ ጠሩ።

አቶ ሰጠኝ ከአሥመራ ሲመለሱ ወሬውን ሰምተው በጭነት ማኪና ወደ አይከል ገሠገሡ። የለቅሶው ሜዳ ዳር ሲደርሱ አልቃሿ በስማቸው ሙሾ ታወርዳለች፤ እቤት ትተውት የሄዱት ጥቁር ኮት እንደ ሟች ልብስ በሰው ራስ ላይ ከፍ ብሎ በቀስታ ይዞራል። ሕልም መስሏቸው ቆመው አዳመጡ። ያን ያህል እንደሚወደዱ አያውቁም ነበርና ከለቀስተኛው ጋር አለቀሱ።

እናታቸው ፊታቸውን እየዳበሱ፣ «ምነው ልጄ፣ ሞትህን አንዴ አየሁት፤ ይበቃኛል። ዳግመኛ እንዳታሳየኝ» አሏቸው። አቶ ሰጠኝም ማሉላቸው። ከጥቂት ወራት በኋላ ኩባንያው አሜሪካ የሚያስኬድ ውል ሲልክላቸው ሳይፈርሙ መለሱት። የፊልም ሥራቸው በዚሁ አበቃ። ቲኬት ወደ መቁረጡ ተመለሱ፤ አንዳንዴ ግን ደረጃ ሲወርዱ መሐል ላይ ቆም ይሉ ነበር።

በ1962 ዓ.ም. የጉበት ሕመም ጸናባቸው። ሐኪሞች ከወራት አያልፉም ቢሉም ሁለት ዓመት ቆዩ። በኅዳር 1964 ዓ.ም. እናታቸውን ቀበሩ፤ አርባቸውን አወጡ፤ ከዚያ በኋላ ከአልጋ አልተነሡም። ጥር 14 ቀን በአርባ ስምንት ዓመታቸው ዐረፉ። ባለቤታቸው፣ ልጆቻቸው ደብሪቱ፣ ዋሴና ወለላ ይህን ሐዘን ተሸክመዋል።

ያ ጥቁር ኮት ዛሬ እንደገና ወጥቷል። ኮቱ ሲዞር የሁላችንም ዐይን ያኔ በሕይወት ወደ መጡበት የአይከል መንገድ ይሄዳል፤ ዛሬ ግን የሚመጣ የለም። መሐላቸውን የጠበቁትን አባታችንን እግዚአብሔር ከእናታቸው ጎን፣ ለቅሶ በማይደርስበት ስፍራ ያሳርፍልን።