በጥጥ መጭመቂያ የታሰረው ጥናት

ለእታለሜ ለሰኢዳ፣

አሰላሙ አለይኩም ወራህመቱላህ። ሰላምታዬ ከእጅሽ ደርሶ፣ ከደጃፍሽ አልፎ፣ ለበሬውም ለዶሮውም ይዳረስ። እንዴት ነሽ? ያ ወገብሽ ለቀቀሽ ወይ? የእማዬ ዓይንስ እንዴት ነው? ኑራ አደገች? ሀምዳስ ሳሉ ተዋት? እኔ አልሐምዱሊላህ፣ ሥጋዬ ደህና ነው። የቀረውን ወደ ታች ታገኚዋለሽ።

ይህን ማን ጻፈለት ብለሽ እንዳትጨነቂ፣ በገዛ እጄ ነው። የማታውን መሠረተ ትምህርት ከመቶ ሠላሳ ሁለት ሰው አንደኛ ወጥቼ ጨርሻለሁ። ሁለተኛ የወጣው መነጽር ነበረው፤ እኔ ያለ መነጽር ነው የበለጥኩት።

አሁን ቀልዱን ላቁመውና ዋናውን ልንገርሽ፤ በሬውን አትሽጪ። ቤቱንም አትልቀቂ። ሾፌሩ ውብሸት ለታኅሣሥ ልጆቹንና እማዬን ይዘሽ ልትመጪ መሰናዳትሽን ሲነግረኝ ወዲያው ይህን ወረቀት ጀመርኩ። ነይ ያልኩሽ እኔ ነኝ። ለሠፋሪ ቤተሰብ ማሳ ይሰጣል፣ ጥጡ ከቁመትሽ ይበልጣል ብዬ ያስጻፍኩልሽ ያኔ እውነት ነበር። አሁን ማሳው ሞቷል። በሞቱም የእኔ እጅ አለበት።

ነገሩ እንዲህ ነው። የምስክር ወረቀቴን እንደያዝኩ ከውሃ ማጠጣት አንስተው የድሮ ጥናትና ካርታ የሚቀመጥበት የእርሻው የጽሑፍ ክፍል ጠባቂ አደረጉኝ። አካፋ ጥዬ ቁልፍ ያዝኩ። ደረቴን ያየ ሰው ሥራ አስኪያጅ ይለኝ ነበር። በመጋቢት ከአዲስ አበባ አንድ ሰርኩላር መጣና የማኅበራችን ሊቀመንበር ጓድ ቢሰጥ በአዳራሹ አነበበልን። አገሪቱ የሳይንስና የቴክኖሎጂ ፖሊሲ ልታወጣ ነው፤ በየእርሻው በየፋብሪካው ተበትኖ የቀረው ጥናት ሁሉ ተመዝግቦ ይደራጅ፤ አንዴ የተጠናን ነገር ዳግመኛ ለማጥናት አንልፋ ይላል። እታለም፣ እውነቴን ነው፣ ደስ አለኝ። በቤቱ ፍም እያለ ከጎረቤት እሳት የሚጭር ሞኝ ነው እንደማለት ነው።

ጓድ ቢሰጥ ግን ሁሉን ነገር በኩንታል ነው የሚያውቀው። እኛ ዘንድ ጥጥ የሚለካው በሚዛን፣ ሰው የሚመሰገነውም በሚዛን ነው። የላይኞቹ እርሻ ሁለት ኩንታል ጥናት ልኳል አሉ፣ እኛ ከዕቅድ በላይ ሦስት እናስገባለን፣ አንተ የተማርከው ምን ይገትርሃል አለኝ። ወረቀቱ አብዛኛው በፈረንጅ ቋንቋ ነው፤ የእኔ ትምህርት ደግሞ ፈረንጅ ጋ አልደረሰም። ስለዚህ በመልኩና በውፍረቱ መዘገብኩት፤ ቀይ ወፍራም፣ ቀይ ቀጭን፣ አይጥ የቀመሰው አረንጓዴ። ሦስት ኩንታል አልሞላ ሲል የግድግዳውን ካርታ ሁሉ ገነጠልን። ከዚያ ጥጥ በሚታሰርበት መጭመቂያ ጨምቀን፣ በጆንያ ጠቅልለን፣ በሽቦ ጠፍረን፣ እንደ ጥጡ ቁጥር ጽፈንበት በመኪና ጫንነው። ሦስት ኩንታል ከአሥራ አንድ ኪሎ! ስሜ በአዳራሹ ተጠራ፣ ተጨበጨበልኝ።

የሚቆጨኝ ቀጥሎ ያለው ነው። ሰርኩላሩን ለመለማመጃ ብዬ በምሳ ሰዓት በጣቴ እየተከተልኩ አነበው ነበር። ሦስተኛው ገጽ ላይ፣ ዋናው ጽሑፍ በየቦታው ይቆይ፣ የሚላከው ዝርዝሩ ብቻ ነው ይላል። ቢሰጥ እዚያ ገጽ አልደረሰም። እኔ ደርሻለሁ። ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ዕቃው ገና ሚዛን ላይ ነበር። ብናገር ጭብጨባው ይቀርብኛል አልኩና ዝም አልኩ።

ከሰኔ ወዲህ ጥጡ ሳይፈነዳ መሬቱ ነጣ። ጨው ከሥር እየወጣ ነው። የጎረቤታችን የአፋሩ የአማን ግመሎች ሣሩን ትተው ማሳችንን ሊልሱ ይመጡ ጀመር። አማን ግመል የሚልሰውን መሬት ሰው አያርሰውም ቢለኝ፣ ያንተ ግመል ደግሞ መቼ ተማረ ብዬ ሳቅኩበት።

በመስከረም ፅጌረዳ የምትባል የአፈር ባለሙያ መጣች፤ ቦይ የሚቆፍር ትልቅ ማሽንም ለሁለት ወር በውሰት ተላከ። ከአሥራ ሁለት ዓመት በፊት ፈረንጆች ጨዋማው ውሃ የት እንዳለ፣ ማፋሰሻው ቦይ በየት መውጣት እንዳለበት ያጠኑበት መጽሐፍ ከነካርታው እዚህ አለ፣ አምጡልኝ፣ ያለ እሱ ብቆፍር ጨውን ደህናው ማሳ ላይ እለቀዋለሁ አለች። ቀይ ወፍራሙ ነው። ቢሰጥ ወደ እኔ አየ፣ እኔ ወደ ጣሪያው።

ለአዲስ አበባ ተጻፈ። የደረሰን ሁሉ ለመደራጀት ተራ እየጠበቀ ነው፣ ፖሊሲው ሲጸድቅ በተራችሁ ትስተናገዳላችሁ የሚል መልስ መጣ። ልጅቱ አላስቻላትምና ራሷ ሄደች። እስሩን ያገኘችው ከመጋዘኑ ውጭ በረንዳ ላይ ነው። ጥጥ መስሏቸው የነካው የለም፤ ክረምቱን ሙሉ ዝናብ ወርዶበታል። ሽቦው ሲቆረጥ ወረቀቱ ተጣብቆ እንደ ጣውላ ሆኗል። ካርታውን ላላቅቅ ብትል በእጇ ላይ ፈረሰ። ስትመለስ የማሽኑም ቀን አልቆ፣ ማሽኑ ሄዷል። ሰርኩላሩ ላይ ዋናው በየቦታው ይቆይ የሚለውን መስመር ያየ አንድ ሰው እንኳ አልነበረም ወይ ብላ ጠየቀችኝ። አዲስ ተማሪ ነኝ፣ ገና ፊደል መቁጠሬ ነው አልኳት። እኔ፣ አንደኛ የወጣሁት!

ለሠፋሪ የተመደበው ማሳ ተሰርዟል። ለለቀማ የወረዱት ደገኞች ጓዛቸውን ይዘው መንገድ ዳር መኪና ይለምናሉ። የጉድጓዱ ውሃ ለሻይ እንኳ አልሆን ብሏል። ፅጌረዳ አዲስ ጥናት ይጀመር ብላ ጽፋለች፤ አራት ዓመት ይፈጃል። እስከዚያ መሬቱ ምኑ ይተርፋል? እናንተም ዘንድ ዝናቡ እንደቀረ አውቃለሁ። በአንድ በሬ ምን ላድርግ ብትዪኝ የምመክርሽ የለኝም። ብቻ ልጅ ይዞ ጨው ለመላስ በረሃ አይወረድም።

የእማዬን ጉልበት ሳሚልኝ፤ ዱዓዋን ለእኔ ትታ ለእናንተ ታድርገው። ኑራ፣ ይህን ለእናትሽ የምታነቢላት አንቺ ነሽና፣ አጎትሽ ዝም ያለበትን ቦታ አትዝለዪባት። ሀምዳን እርሻው ውስጥ ትምህርት ቤት አስገባሻለሁ ብያት ነበር፤ ረስቶታል በሏት። ቤቱን ልትረከብ የተሰናዳችውን ጎረቤታችንን ንጋትወርቅን፣ ቃሉን ያጠፈው ናስር ነው፣ ሰኢዳ አይደለችም በሉልኝ።

እታለም፣ ይህ ወረቀት ሳይደርስሽ በሬው ተሽጦ ከሆነ ግን ቅሪ የምልበት አፍ የለኝም። የምትወርዱበትን ቀን በውብሸት ላኪብኝ። መንገዱ ላይ ቆሜ እጠብቃችኋለሁ፤ ከዚያ ወዴት እንደምወስዳችሁ ግን አላውቅም።

ወንድምሽ ናስር እንድሪስ
ገዋኔ፣ ኅዳር ፲፰ ቀን ፲፱፻፸፱ ዓ.ም.