ላሚቱ አትጾምም

ሰኞ፣ የካቲት 9። ማታ 1 ሰ.

ወገቤን! ደብተሬ፣ ዛሬም ቦሌ ስንቆፍር ዋልን። ከብት የሚልሰውን ጨዋማ አፈር። አሮጌው ጉድጓድ በክረምቱ ስለተናደ አዲስ ጀምረናል። ግን ጨው ያለበት የቱ ጋ ነው? ሌላ ጊዜ ታላቃችን እትዬ ሙሉ እየቆነጠረች ትቀምስና ይኸ ሸጋ ነው ትላለች፤ እንቆፍራለን። ዛሬ ሁዳዴ ገባ። እስከ ማታ አፏን ውሃ አይነካውም። ቅመሺና ትፊው ብላት ተቆጣች። ጾሜን በአፈር አልገድፍም አለች። እኛም ጿሚ ነን፤ ደግሞ ምላሱን አልታደልንም።

እኔ ምን አቅበጠበጠኝ! በመልኩ እለየዋለሁ አልኩ። ሴቶቹ አመኑኝ።

ቅዳሜ 14። ከገበያ መልስ

ውርደት። አይከል ገበያ፣ ከብት ተራ። የዘወትር ደንበኛችን አያ በላይ ከቦሌያችን ዘግኖ ለበሬው አቀረበለት። በሬው አሸተተና ፊቱን አዞረ። ሰው ሳቀ። ምነው ልጄ፣ በሬዬን አፈር ልታበዪው ነው? አለኝ። ሌላውም ገዢ ወደ ሱቅ ጨው ሄደ።

መሬታችን ጭንጫ ነው። የመንደሩ ቀለብ ከሴቶቹ ጉድጓድ ነው የሚወጣ። ይኸ ከቀረ እንበተናለን። ማንም አልወቀሰኝም። ቢወቅሱኝ ይሻለኝ ነበር።

እሑድ

እህቴ ከጎንደር ደወለች። ሰው ቤት ሥራ ተገኝቷል፣ ነይ ትላለች። ላስብበት አልኳት።

ማክሰኞ 17

ስሚኝማ ደብተሬ! እትዬ ሙ. ላሟን እየነዳች ጉድጓዱ ድረስ መጣች። ምን ልትሠሪባት ነው? ብንላት፣ ይቺ አትጾምም አለች። ሆዳችንን ይዘን ሳቅን። ላሚቱ እኔ የመረጥኩትን አፈር ረግጣው አለፈች፣ የት አባቷ! ዞራ ዞራ፣ ሁልጊዜ አረፍ የምንልበት ጉብታ ሥር ቆማ ትልስ ጀመር። በዱላም አልላቀቅ አለች። ለካ ጨው ላይ ተቀምጠን ነበር ጨው የምንፈልግ! ቆፈርን። ደክሞኛል፣ ግን ደስ የሚል ድካም።

ቅዳሜ 21

ተመስገን። የአያ በላይ በሬ ጆንያውን ጭምር ሊበላው ነበር። ገና በጊዜ ሸጠን ጨረስን።

ስንመለስ እትዬ ሙ. ለብቻዬ ወደኋላ አስቀረችኝ። ምላሴ እየደነዘዘ ነው፣ ቅምሻውን አንቺን ላስተምርሽ አለች። እኔን! ያን ጉድ ያመጣሁትን! አንዴ ያፈረ ሰው ሁለቴ ይቀምሳል አለችኝ። መንገድ ላይ አለቀስኩ፣ አያሳፍርም።

ለእህቴ ደወልኩ። አልመጣም አልኳት። ከፋሲካ ማግስት ቀማሿ እኔ ነኝ። እስከዚያ ላሚቱ አለች።