ከዝርዝሩ የወጣው ተውኔት

ሰኞ፣ ኅዳር 8

«በአራተኛ ተራ ቁጥር የሰፈረው ተውኔት ከዝርዝሩ ወጥቷል። መራጩ ሥራውን ልብ ብለው ያነበቡት አይመስለንም። ምክንያቱን በጽሑፍ ከመዘርዘር ተቆጥበናል።»

ቃል በቃል ገለበጥሁት። ማኅተም አለው፤ የማንም ስም ግን የለበትም። «የንባብ ማኅበሩ» ይላል፣ በቃ። ማኅበሩን ከመሠረቱት አምስት ሰዎች አንዱ እኔ ነኝ። አሁን ማኅበሩ እኔ የሌለሁበት ሌላ ሰው ሆኖ ይጽፍልኛል።

ልብ ብለው ያነበቡት አይመስለንም! ሠላሳ ዓመት ሥነ ጽሑፍ አስተማርሁ። በየዓመቱ እንዲነበቡ የሚመከሩትን የልቦለዶችና የተውኔቶች ዝርዝር የማዘጋጀው እኔ ነኝ። የዘንድሮው ስለ ፍቅር፣ ስለ ማንነትና ስለ ማኅበረሰብ ነው። ስምንት ልቦለድ፣ አራት ተውኔት። አንዱንም ሳላነብ አልጻፍሁም። የተባረረውን ተውኔት ሦስት ጊዜ አንብቤዋለሁ።

ጸሐፊዋ ትዕግሥት ናት። እዚህ ፍኖተ ሰላም አስተምሬያታለሁ፤ አሁን ቡሬ መምህርት ናት። ተውኔቱ አልታተመም፤ በኮምፒውተር የተጻፈ ስልሳ ገጽ ነው። ከማንኩሳ ወዲህ ያለ የገበሬ ልጅና ቤተሰቦቿ ከአገው ምድር የመጡ አንዲት የቡሬ ልጅ ይዋደዳሉ፤ ሰው ያጉረመርማል፤ በመጨረሻ ይጋባሉ። ዝርዝሩ ለትምህርት ቤቶች ሲበተን የድራማ ክበቦች ከአራቱ ተውኔቶች አንዱን ለገና ያዘጋጃሉ። ከዝርዝሩ ከወጣ ማንም አያየውም። ስልሳ ገጹ መሳቢያ ውስጥ ይቀራል።

ማን ነው? ሊቀመንበሩ ጌትነት ነው። ሌላ ማን ይሆናል? የራሱን ልቦለድ ባለፈው ዓመትም ዘንድሮም ዝርዝሩ ውስጥ አላስገባሁለትም። ሰባተኛው ምዕራፍ ላይ የሞተ ሰው አሥረኛው ላይ ገበያ ይሄዳል። እንዴት ላስገባው?

ለእናኑ ደብዳቤውን አነበብሁላት። ባለቤቴ አታዝንልኝም። «ደሞ ማንን ልትከስ ነው? የእድሩን ማስታወቂያ በቀይ እስክሪብቶ አርመህ መልሰህ የለጠፍህለት ሊቀመንበር እስከ ዛሬ ሰላም አይለኝም» አለች።

ሦስት የፊደል ግድፈት ነበረበት። ዝም ልል ነበር?

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9

የትዕግሥትን ጽሑፍ ከማኅበሩ ቁም ሣጥን አስወጣሁ። ፈርሜ ነው የወሰድሁት። ነገ ሰረቀ እንዳይሉኝ።

ገጽ በገጽ አየሁት። አንድም አስተያየት የለበትም። ግን የእርሳስ ምልክት አለ። ትንንሽ ጭረቶች፣ ሰዎች ስማቸው በተጠራበት ቦታ ሁሉ። የመጀመሪያው ገቢር ላይ አሥራ አራት፤ ሦስተኛው ገቢር ላይ ሰባት። ሌላ ቦታ ምንም የለም። ፍቅሩ ላይ ምልክት የለም፤ ጠቡም ላይ የለም። ስም ላይ ብቻ።

በዚህ ዘመን የሰው ስም ላይ ምልክት የሚያደርግ ሰው ምን እየፈለገ እንደሆነ አውቃለሁ። ይኼ ከየት ነው፣ ያኛው የማን ወገን ነው እያለ ይለያል። የልጅቱን ቤተሰብ ስሞች አይተው ነው ተውኔቱን ያባረሩት ማለት ነው። «ምክንያቱን ከመዘርዘር ተቆጥበናል» ያሉት ለካ ለዚህ ነው! ይኼን ማን በጽሑፍ ያደርገዋል?

ጌትነትን መምህራን ማረፊያ አገኘሁት። ጽሑፉን ዘርግቼ ጭረቶቹን አሳየሁት።

«ይኼ የማን እጅ ነው?»

«የኔ ነው፣ ጋሼ።»

አልካደም። እንዲያውም አላፈረም።

«አንተ የስም መርማሪ የሆንኸው ከመቼ ጀምሮ ነው?»

ሻዩን አስቀመጠ። «ጋሼ፣ እኔ አንባቢ ብቻ ነበርሁ። ጭረት አርግ ሲሉኝ አደረግሁ። አያ ተሰማን ይጠይቋቸው። እኔ እንዳልናገር ቃል አስገብተውኛል።»

አያ ተሰማ ማኅበሩ ውስጥ የአገር ሽማግሌዎች ተወካይ ናቸው። ሰማንያ ይሆናቸዋል። ዓይናቸው ደክሟል። በስብሰባ ላይ ሲያንቀላፉ ነው የማውቃቸው። በሽማግሌ ጀርባ መደበቅ! ከጌትነት ይኼንን ነበር የምጠብቀው።

ረቡዕ፣ ኅዳር 10

የምጠይቃቸውን በወረቀት ጻፍሁ።

አንደኛ፣ ስሞቹ ላይ ለምን ምልክት ተደረገ?
ሁለተኛ፣ የልጅቱ ቤተሰቦች ከአገው ምድር የመጡ ባይሆኑ ይኼ ይደረግ ነበር?
ሦስተኛ፣ አላነበበም ያለኝ ማን ነው?

ቤታቸው ከከተማው ወጣ ብሎ በማንኩሳ መንገድ ነው። ባጃጅ እስከ በር አይደርስም፤ የታጨደ ጤፍ መሐል ለመሐል በእግር ሄድሁ። ደጃፍ ላይ በቆሎ ይፈለፍላሉ።

«አያ ተሰማ፣ እንደምን ከረሙ?»

«ይመስገን። ተቀመጥ። ተቆጥተህ እንደምትመጣ ጌትነት ነግሮኛል። ትላንት ነበር የጠበቅሁህ።»

ወረቀቴን አወጣሁ። እሳቸው ግን ቀደሙኝ። ሦስት ቀን ከሰዓት በኋላ ጌትነት እየመጣ ተውኔቱን ከዳር እስከ ዳር እንዳነበበላቸው ነገሩኝ። ሁለት ጊዜ። ጌትነት! የራሱን ልቦለድ እንኳ ሁለት ጊዜ ያላነበበ ሰው።

«ጎበዝ ናት ልጅቱ» አሉ። «አስለቅሳኛለች። ግን እነዚህ ልጆች ዘመዳሞች ናቸው።»

«የትኞቹ ልጆች?»

«የምታጋቧቸው ናቸዋ።»

ሳቅሁ። እውነቴን ነው፣ ሳቅሁባቸው። «አያ ተሰማ፣ እነዚህ ሰዎች እኮ የሉም። የተፈጠሩ ናቸው።»

«የተፈጠሩም ቢሆኑ አባት አላቸው። ቁጠርልኝ።»

ከፈለፈሉት በቆሎ እፍኝ ወሰዱና መደቡ ላይ በሁለት ረድፍ መደርደር ያዙ። ይቺ የእሱ፣ ይቺ የእሷ። የመጀመሪያው ገቢር ላይ ሽማግሌዎች ለእጮኝነት ሲመጡ የሁለቱም አባቶች ከልጆቻቸው ስም ጀምረው እስከ ሰባት ቤት ይቆጥራሉ። የልጁ ስድስተኛ አባት ቢሻው ነው። የልጅቱ ስድስተኛ እንግዳ ነው። አይገናኙም፤ ጋብቻው ይፈቀዳል። እስከዚህ ልክ ነው። ሦስተኛው ገቢር ላይ ግን የልጅቱ አያት በልቅሶ መሐል ልጅቱን ከነስድስት አባቶቿ ትጠራለች። አምስቱ ስም ያው ነው። ስድስተኛው ላይ ስትደርስ እንግዳ አትልም። ቢሻው ትላለች።

ሁለቱ ረድፎች አንዲት ፍሬ ላይ ተገናኙ።

ከቦርሳዬ ጽሑፉን አውጥቼ ራሴ ቆጠርሁ። እንደገና ቆጠርሁ። ስድስት ነው። ዝርዝሩ ላይ በገዛ እጄ «የአያቲቱ ልቅሶ የተውኔቱ ልብ ነው» ብዬ የጻፍሁት እኔ ነኝ። ልቡን ሦስት ጊዜ አንብቤ አንድ ጊዜ አልቆጠርሁም። እዚህ አገር ተወልጄ፣ ራሴ ሳገባ ተቆጥሮልኝ!

«ታዲያ ይኼንኑ ለምን አልጻፋችሁልኝም?» አልሁ። ድምፄ ከፍ ሳይል አልቀረም።

አያ ተሰማ ፍሬዎቹን በመዳፋቸው ሰበሰቡ። «ስሞቹ የእውነት ስለሆኑ ነው። ይህን ትውልድ ከስድስት ዓመት በፊት ቡሬ ላይ ቆጥረነዋል። ከቆጠሩት አንዱ ነበርሁ። ሁለት ልጆች ነበሩ፤ አይሆንም ብለን አለያየናቸው። ጌትነት ሲያነብልኝ ጸሐፊዋ ያቺው ልጅ እንደሆነች ያኔ ገባኝ። በወረቀት ብናወጣው አገር ያውቃታል። የእሷ ገመና ከሚወጣ ያንተ ቁጣ ይሻላል አልሁ።»

ወረቀቴን አጥፌ ኪሴ ከተትሁ። ሦስቱንም ጥያቄ አልጠየቅሁም።

ሐሙስ፣ ኅዳር 11

ቀኑን ሙሉ ራሴን ስጠረጥር ዋልሁ። ሌሎቹን አሥራ አንዱንስ አንብቤያቸዋለሁ? አነበብሁ ማለት ምንድን ነው? ክፍል ውስጥ ሁለት ጊዜ ሐሳቤ ጠፋብኝ።

ግን አያ ተሰማንም እጠረጥራለሁ። ለእሷ አዝነው ነው? ወይስ ያኔ የፈረዱት ፍርድ መድረክ ላይ እንዳይታይባቸው? ሁለቱም ሊሆን ይችላል።

እናኑ «እሷን ጠይቃት እንጂ። የተውኔቱ ባለቤት እሷ ናት። እናንተ ሦስት ወንዶች ተቀምጣችሁ ታድኗታላችሁ፣ ታባርሯታላችሁ፤ ደውሎ የጠየቃት አለ?» አለች።

የለም። ማንም አልጠየቃትም። እኔም ጭምር።

ዓርብ፣ ኅዳር 12

የሚካኤል በዓል ነው። ትምህርት የለም። መንገዱ ክፍት ነው ሲባል በጠዋቱ መኪና ተሳፍሬ ቡሬ ሄድሁ።

ትዕግሥት ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ ደረስሁ። ነጠላዋን ሳታወልቅ ተቀመጠች። እንዴት እንደምጀምር ስላላወቅሁ ጽሑፉን ሦስተኛው ገቢር ላይ ገልጬ ጣቴን ቢሻው ላይ አሳረፍሁ።

አየችው። አባቶቹን በጣቷ ቆጠረች።

«ውይ፣ ጋሼ» አለች። «ሳልቀይረው ቀርቶብኛል ማለት ነው።»

ከዚያ ነገረችኝ። የመጀመሪያውን ገቢር ስትጽፍ አውቃ ነው የቀየረችው። አንድ ስም ብቻ። «አንድ ሰው ባይኖር ኖሮ ተጋብተን ነበር። ስለዚህ አንድ ሰው ብቻ አጠፋሁ። ሌላውን ሁሉ እንዳለ ተውሁት» አለች። ሦስተኛው ገቢር ላይ ግን የምትጽፈው የገዛ አያቷን ነበር፤ ከልቅሶ ቤት እንደሰማችው አወረደችው። እጇ ያወቀውን ጻፈ፤ እሷ አላየችውም።

«ልጁስ?» አልሁ። መጠየቅ አልነበረብኝም።

«ሽንዲ ከተማ ነው ያለው። አግብቷል። ሁለተኛውን ወልዷል ሲሉ ሰማሁ።»

መምህር ነኝና መፍትሔ አቀረብሁ። ሦስተኛው ገቢር ላይም እንግዳ በይው፤ ያልቃል፤ ወደ ዝርዝሩ ይመለሳል። ስሞቹንም ሁሉ ለውጪያቸው።

ቆጣ አለች። «አያቴን አላርምም። እርስዎ በቀይ አርመውኝ ያልተቀበልሁት የለም፤ ይኼን ግን አልቀበልም።» ከዚያ ረጋ ብላ፣ «የመጀመሪያውን ነው የምመልሰው። እንግዳ ይውጣ፤ ቢሻው ይግባ። ሽማግሌዎቹ ይቁጠሩ፤ ያግኙት። ልጆቹ አይጋቡም። ግን እየተዋደዱ ይቀመጣሉ፤ ተመልካቹም ይየው» አለች።

«አያ ተሰማ ማንነትሽ እንዳይታወቅ ነው የደበቁት።»

«ማን ደብቁልኝ አላቸው? ያኔም አልጠየቁኝም። ምክንያቱን ይጻፉት፣ ጋሼ። እኔ የሠራሁት ነውር የለም። ወደድሁ፣ ተቆጠረ፣ ተለያየሁ። ይኼው ነው።» ፈቃዷንም በወረቀት ጽፋ ፈረመችልኝ።

ስመለስ መኪናው ውስጥ ሁለቱን መጨረሻዎች አመዛዘንሁ። የተጋቡበትን መጨረሻ እወደው ነበር። አዲሱን እፈራዋለሁ። ከፊተኛው የሚበልጥ ይመስለኛል። ማኅበሩ ግን ዘመዳሞች እየተዋደዱ የሚቀሩበትን ተውኔት ለትምህርት ቤት ይልካል? አያ ተሰማ እሺ ይላሉ? ጌትነት ይፈርማል? አላውቅም።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 13

ዛሬ ጠዋት ለማኅበሩ ያስገባሁት ደብዳቤ ግልባጭ፦

«የተውኔቱን ሦስተኛ ገቢር ሳነብ ትውልድ አልቆጠርሁም። ስህተቱ የእኔ ነው። አያ ተሰማ ልክ ናቸው፤ ሁለት ጊዜ ያነበበላቸውን ሊቀመንበር ጌትነትንም ያለ ማስረጃ በመጠርጠሬ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ይሁን እንጂ ሥራውን አንብቤዋለሁ። ‹ያነበቡት አይመስለንም› የሚለው ይሰረዝልኝ፤ በምትኩ ‹አልቆጠሩም› ይባል። ይኼ እውነት ነው፤ እፈርምበታለሁ።

ጸሐፊዋ ምክንያቱ በጽሑፍ እንዲገለጽ ፈቅዳለች። የፈቃድ ደብዳቤዋ ተያይዟል። የመጀመሪያውን ገቢርና መጨረሻውን አሻሽላ እስከ ረቡዕ ትልካለች። ዝርዝሩ ለትምህርት ቤቶች ከመበተኑ በፊት ተውኔቱ ወደ አራተኛ ተራ ቁጥር ይመለሳል ወይስ አይመለስም? ካልተመለሰ፣ እምቢ ያለው ሰው ማን ነው? ምክንያቱስ ምንድን ነው?

በሰው የተላከ ቃል አልቀበልም። ስምና ፊርማ ያለበት የጽሑፍ መልስ እስከ ሰኞ ኅዳር 22 ቀን ከቀኑ አሥራ አንድ ሰዓት ድረስ እንዲሰጠኝ እጠይቃለሁ። አንድ ግልባጭ በቀጥታ ለትዕግሥት ይላክ።»