ስፖኪዮ የሚባል አንባቢ አለን

ሐሙስ፣ ከምሳ በኋላ
ከጎሚስታው ቤት ፎቅ ላይ

ይድረስ ለአባዬ፣ ጀርባው አልጋ ላይ፣ ልቡ ግን መንገድ ላይ ላለው፤

እንዴት ነህ? እግርህስ? እማዬ በስልክ «ጀሶው ነጭ፣ ፊቱ ኮስታራ፣ አመሉ እንደ ድሮው» ስላለችኝ ደህና ነህ ብዬ ተጽናንቻለሁ። እኛም ደህና ነን። ወንድሜ ፈተናው ላይ ነው። መጽሐፉ ላይ ተደፍቶ ያንኮራፋል፤ ስቀሰቅሰው «እያሰብኩ ነበር» ይላል። እማዬ «አንቺ ቤት ጠብቂ፣ ልጁን አብይው» ብላ ባታስረኝ ኖሮ በእግሬም ቢሆን መጥቼ ነበር።

ደብዳቤ መጻፌ እንዳይገርምህ። በስልክ ሳገኝህ «ደህና ነሽ? ደህና። በይ ካርድሽን አትጨርሺ» ብለህ ትዘጋብኛለህ። ደብዳቤ ግን አይዘጋም፤ ቢበዛ ትራስ ሥር ይገባል፣ ከዚያም ወጥቶ ይነበባል። ጓደኛህ ዝምተኛው ሾፌር ነገ ወደዚያ ስለሚነዳ በእሱ እጅ ልኬዋለሁ።

አንተ ዳር ዳር የሚል ሰው ስለማትወድ ጉዳዬን ከፊት ላድርገው። ለባንኩ መልስ የምሰጠው ሰኞ ነው። ጋቢናህ ውስጥ ሲመላለስ ወዳጅህ የሆነው ሥራ አስኪያጅ ቦታውን እስካሁን አቆይቶልኛል፤ አንተም ቃል ሰጥተህለታል። እኔ ደግሞ እዚሁ ዜና ክፍል መቅረት እፈልጋለሁ። ያለ አንተ ምርቃት ግን አልቀርም። ነገሩ ይኸው ነው፤ የቀረውን ሻይ እየጠጣህ አንብበው።

«በሒሳብ አያያዝ ተመርቀሽ ከጎሚስታ በላይ ምን ትሠሪያለሽ? ታች ጎማ ይነፋል፣ ላይ ወሬ ይነፋል» ያልከኝን አልረሳሁም። ስስቅ ተቆጣህ እንጂ እውነትም ያስቃል። ሽቦ ሲሰማ ግድግዳ ላይ ካልጻፍኩት ብሎ ነበር። ሽቦ የምንለው የኢንተርኔት ገጻችንን የሚያንቀሳቅሰውን ልጅ ነው፤ አንገቱ ላይ ሁልጊዜ የሆነ ገመድ እንደ ሻርፕ ተጠምጥሞበታል። ክፍላችን ጠባብ ናት። የጎሚስታው ኮምፕሬሰር ሲነሳ ወለሉ ይንቀጠቀጣል፤ ቪዲዮ የሚቀርጽ ያቆማል፣ ስልክ የሚያወራ ጣቱን ጆሮው ውስጥ ይከታል፣ እኔ ደግሞ ሻዬ እንዳይደፋ ብርጭቆዬን አቅፋለሁ። ደስ ይለኛል፣ አባዬ። ምን ላድርግ?

ይህን ሥራ ያስወደደኝ ማን እንደሆነ ታውቃለህ? አንተ ነህ። ትምህርት ቤት ሲዘጋ ጋቢና ካላስቀመጥከኝ ብዬ አለቅስ ነበር፤ «ጋቢና» የሚለውን ስም ያወጣህልኝም ለዚያ ነው። የዜናው ሰዓት ሲደርስ ራዲዮዋን ከፍ አድርገህ፣ አይንህን ከመንገዱ ሳትነቅል፣ «እስቲ ዝም በሉ፣ ዜና ነው!» ስትል አውቶቡሱ ሙሉ ጭጭ ይል ነበር። ዶሮ የያዘችው ሴትዮ ዶሮዋን ሳይቀር እሽ ትላት ነበር። ያ ሁሉ የማይተዋወቅ ሰው አንድ ነገር አብሮ ሲሰማ ሳይ፣ ትንሽ ልጅ ሆኜም ቢሆን፣ ይሄ ትልቅ ነገር ነው እል ነበር። ከዜናው በኋላ ደግሞ አንዱ ተሳፋሪ የሰፈሩን ወሬ ሲጀምር በስፖኪዮ እያየኸው «ማን ነገረህ?» ትለው ነበር። ሰውዬው ይንተባተባል፤ አንተ ማርሽ ትቀይራለህ።

እዚህ ያገኘሁት ያንኑ ነው ብልህ አታምነኝም። አለቃችን ዕድሜዋን በወረቀት ጋዜጣ የጨረሰች ሴት ናት። ይቅርታ፣ «ናቸው» ልበል፤ ከፊታቸው እትዬ ነው የምንላቸው፣ ከኋላቸው ግን እትዬ ቆይ። አንድ ነገር ልንለቅ ስንል መነጽራቸውን ወደ ግንባራቸው ሰቅለው «ቆይ!» ይላሉ። ያመጡት ልማድ አለ። ማንኛውም ትኩስ ዜና ሲወጣ ከሥሩ «የማናውቀው» የሚል ክፍል ይኖረዋል፤ ገና ያላረጋገጥነውን እዚያ ላይ ሳናፍር እንዘረዝራለን። ጀማሪ ስለሆንኩ እሱን የምጽፈው እኔ ነኝ። ሽቦ «የድንቁርና ክፍል ኃላፊ» ይለኛል። ስንሳሳት ደግሞ ስህተቱን ደብቀን አናጠፋም፤ እርማቱን ከዜናው አናት ላይ እናስቀምጣለን፣ ያረመን አንባቢም ይመሰገናል።

አንባቢዎቻችንን ብታያቸው! የስኳር መድኃኒት ጠፋ ብለን በጻፍን ማግስት ከዜናው ሥር «እኛ ሰፈር ያለው ፋርማሲ ጋ አለ»፣ «የት ጋ?»፣ «ከድልድዩ ማዶ፣ ቶሎ ሂዱ» እያሉ እርስ በርስ ተጠቋቆሙ። አንዷ «እናቴ አገኘች» ብላ ስትጽፍ እትዬ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጉ። ራዲዮ አንድ አፍ፣ ብዙ ጆሮ ነው። የእኛ ገጽ አፉም ብዙ ነው፤ ለዚህ ነው የሚንጫጫው። ሲንጫጫ ግን ይተራረማል።

ከሁሉም የምወደው ስፖኪዮ ብሎ ራሱን የሰየመውን ነው። እኔ ከተቀጠርኩ ጀምሮ የእኔ ስም ያለበት ጽሑፍ አያመልጠውም። የሚጽፈው አንድ ነገር ብቻ ነው፤ «ማን ነገራችሁ?» ሌላ የለም። ሰላምታ የለ፣ ስድብ የለ። መጀመሪያ በግኜ ነበር። እትዬ ግን «ይህ ሰው ደመወዝ ሳንከፍለው አርታኢያችን ሆኗል» ብለው ቃሉን በትልቁ ጽፈው ግድግዳው ላይ ለጠፉት። አሁን ቀና ባልኩ ቁጥር የማየው እሱን ነው።

እንግዲህ ያለፈው ሳምንት ማክሰኞ።

የዚያን ቀን የዝምተኛውን ተራ ተክተህ በዚያ መስመር መውጣትህን አላውቅም ነበር። ከረፋዱ ላይ አንድ መንገደኛ ናዳ የመታው አውቶቡስ ፎቶ ላከልን። የሚታየው የኋላው ብቻ ነው፤ ፊቱን አፈር ውጦታል። አደጋው መድረሱን አረጋገጥንና ለቀቅን። ከሥሩም በእጄ እንዲህ ብዬ ጻፍኩ፤ «የማናውቀው፦ ሾፌሩ ማን እንደሆነና በሕይወት ይኑር አይኑር።» አባዬ፣ ይህን ስጽፍ ሻይ እየጠጣሁ ነበር።

ብዙም ሳይቆይ አንዱ ገጽ «ሾፌሩ ሕይወቱ አለፈ» አለ። ሌላው ከሱ ቀዳ፣ ሌላው ከሌላው። በሰባት ሰዓት ደግሞ ራዲዮው ራሱ አለው። አንባቢው ይወርድብን ጀመር። «ተኝታችኋል እንዴ?»፣ «አገር ያወቀውን እናንተ አታውቁም?»

ሽቦ ተነስቶ ቆመ። «እትዬ፣ እንልቀቀው! ሰው ትቶን እየሄደ ነው።»

«ማን ነገረን?» አሉ፣ ወደ ግድግዳው እያዩ።

«ሁሉም ብለውታል እኮ!» ያልኩት እኔ ነኝ። «ራዲዮው ሳይቀር ብሏል!»

«ሁሉም ከአንድ ሰው ሰምተው ከሆነ አንድ ሰው ነው ያለው ማለት ነው። ቆይ። የሰው ሞት ቤተሰቡ ሳይሰማ አይጻፍም። ሚስት ትኖረዋለች፣ ልጅ ትኖረዋለች። ከገጽ ላይ ታንብበው?»

ወደ አውቶቡስ ድርጅቱ ደወሉ። ለምነው፣ ተቆጥተው፣ ደግሞ ለምነው የሾፌሩን ቤተሰብ ስልክ ተቀበሉ። ቤተሰብ ጋ መደወል የጀማሪ ሥራ ስለሆነ ቁጥሩን ጮክ ብለው ይነግሩኝ ጀመር፤ እኔም እስክሪብቶ ይዤ እጽፋለሁ። መሃል ላይ ስደርስ እጄ ቆመ። የቀረውን እኔ ጨረስኩላቸው።

«የማን ነው?» አሉኝ።

«የቤታችን።»

እትዬ ስልኩን ሊወስዱብኝ እጃቸውን ዘረጉ፤ አልሰጠሁም። ደወልኩ። እማዬ አነሳች። «እማዬ፣ አባዬ...» ከማለቴ፤

«ማን ነገረሽ?» ብላ ጮኸች። «እንዳትነግሪያት ብሎኝ ነበር እኮ!»

«እማዬ፣ አለ?»

«የት ይሄዳል? አለ እንጂ! አሁን በሐኪሙ ስልክ አወራኝ። እግሩ ተሰብሯል፣ አፉ ግን ምንም አልሆነም። ተሳፋሪዎቹም ተርፈዋል። ‹ለልጅቷ እንዳትነግሪ፣ ትጽፈዋለች› አለኝ።»

ወለሉ ላይ ቁጭ አልኩ። እየሳቅኩ ይሁን እያለቀስኩ አላውቅም፤ እሱንም «የማናውቀው» ውስጥ አስገባው። ሽቦ ገመዱን ፊቱ ላይ ጠምጥሞ መስኮቱ ጋ ዞሮ ቆመ። አባዬ፣ እትዬ «ቆይ» ባይሉ ኖሮ ልጅህ ራሷ ሞተ ብላ ጽፋህ ነበር።

እትዬ ታዲያ ያኔም «ቆይ» አሉ! ሆስፒታሉ ጋ ደውለው ከሐኪሙ አፍ ካልሰሙ አልረኩም። ከዚያ «ሾፌሩ በሕይወት አለ» ብለን ለቀቅን። ከሁሉም ቀድመን፣ እውነቱን። ልጽፈው ስነሳ ግን ከለከሉኝ። «አንቺ ዛሬ ልጅ ነሽ። ጋዜጠኝነቱን ነገ ትቀጥያለሽ» ብለው ራሳቸው ጻፉት። መሪውን ወደ ገደሉ ሳይሆን ወደ ተራራው እንዳዞርከው ተሳፋሪዎቹ የተናገሩትንም አስገቡበት። እሱን ቆርጬ ቦርሳዬ ውስጥ ይዤዋለሁ ልልህ ነበር፤ ወረቀት አይደለም እኮ። ስልኬ ላይ ነው፤ በቀን ስንቴ እንደማወጣው ግን አትጠይቀኝ።

ራዲዮውን አትቀየመው። ማታ በዜናው መጀመሪያ ላይ ይቅርታ ጠይቋል፤ ይህን ማድረግም ወንድነት ነው። እማዬ እንደነገረችኝማ አጠገብህ ያለው በሽተኛ የቀኑን ዜና ሰምቶ «አይ ምስኪን፣ ነፍስ ይማር» ሲል፣ አንተም በልማድህ «አሜን» ብለህ፣ ቆይተህ «ቆይ፣ ይሄ እኔ ነኝ እኮ!» አልክ አሉ። ታች ያሉት የጎሚስታው ልጆች ሳይቀሩ ይህን እየተረኩ ይስቃሉ። ደግሞም «ወሬ ይነፋል» ስትል ልክ ነበርክ፤ የዚያን ቀን የገደለህ ስልክ ላይ ያለ ወሬ ነው። ግን አባዬ፣ ያስነሳህም ስልክ ላይ ያለ ዜና ነው።

አሁን ወደ ስፖኪዮ ልመልስህ። ከማክሰኞው አደጋ ወዲህ ሰውዬው ጠፋ። ሽቦ «ታሞ ይሆን?» አለ። እኔ ደግሞ ሰርክ ገጹን እከፍታለሁ፣ እዘጋለሁ። ትናንት ከሰዓት በኋላ «ሾፌሩ በሕይወት አለ» ከሚለው ሥር ብቅ አለ። «ማን ነገራችሁ?» አላለም። የጻፈው እንዲህ ነው፤

«እሰይ። ግን የተሰበረው ግራ እግሩ ነው እንጂ ቀኙ አይደለም።»

ለካስ እኛ ቀኝ ብለን ነው የለቀቅነው! ሐኪሙ ሲናገር ኮምፕሬሰሩ ተነስቶ ነበር፤ እትዬም ለመጀመሪያ ጊዜ ሳይደግሙ ጻፉ። እማዬ ጋ ደውዬ አረጋገጥኩ፤ እርማቱ ለስፖኪዮ ከነምስጋናው ከአናቱ ላይ ወጣ። እትዬ በመነጽራቸው ላይ አሻግረው አዩኝና «ይህ አንባቢያችን የሰውን እግር ከየት አወቀ?» አሉ።

«እንጃ፣ እትዬ» አልኩ።

«ማን ነገረው አትይም?»

«አልልም» አልኩና ፊቴን ወደ ኮምፒውተሩ አዞርኩ፤ ፊደሉ ግን አልታይ አለኝ።

ስፖኪዮ ማን እንደሆነ አልጠይቅህም፣ አባዬ። ምናልባት እዚያ አካባቢ ሊኖር ስለሚችል ካገኘኸው ግን አንድ መልእክት አድርስልኝ። እሑድ ጠዋት በስሜ አንድ ጽሑፍ ይወጣል። በዚያ መንገድ ላይ ናዳው ከመውረዱ በፊት ማን ምን ያውቅ እንደነበረ ነው የጠየቅኩት፤ ከተቀጠርኩ ወዲህ እንደዚህ የደከምኩበት የለም። እሱ ከሥሩ ያችን የለመዳትን ቃል ከጻፈልኝ፣ ሰኞ ባንክ አልሄድም፤ ሥራ አስኪያጁን ራሴ አመስግኜ ይቅርታ እጠይቀዋለሁ። ዝም ካለ ግን የሰጠኸውን ቃል አላጥፍብህም፤ ሸሚዜን ተኩሼ በሰዓቱ እገኛለሁ። ምርቃት በአፍህ ማውጣት እንደሚያሳፍርህ አውቃለሁ። ለኔ ያቺው ቃል ትበቃኛለች።

ያ ወደ ተራራው የዞረ እጅህ አይድከም። እግርህን ፈጣሪ እንደ ድሮው አድርጎ ይጠግንልህ፤ መንገዱም አንተን የሚመስል ሾፌር አይጣ። እማዬን ሳምልኝ፤ ወንድሜ ደግሞ «አላንኮራፋም በይው» ብሏል።

ዝምተኛውን «ምን ልላክለት?» ብዬ ብጠይቀው እንደ አመሉ ሁለት ነገር ብቻ ተናገረ፤ «ባትሪ፣ ቻርጀር።» ባትሪውን ለራዲዮህ ልኬልሃለሁ፤ ዜናህን ስማበት። የተች ስልክ ቻርጀሩንም አብሬ ጠቅልዬዋለሁ። ባለ ቁልፍ ስልክ ብቻ ያለው ሰው ምን ሊያደርግበት ነው ብዬ አልጠየቅኩም።

ልጅህ፣
ጋቢና